ዲሊፕ ኩማር፦ ድምፁን ዝቅ ያደረገው አክተር

«አክተሩ አይሞትም» እየተባለ ያደገ ተመልካች የሕንዱን የፊልም ተዋናይ የዲሊፕ ኩማርን የመጀመሪያ ዘመን ፊልሞች ሲያይ መናደዱ አይቀርም። «ጁግኑ» ላይ (1947) ይሞታል። በዓመቱ «ሻሂድ» ላይ ይሞታል፤ በዚያው ዓመት «ሜላ» ላይም ይደግመዋል። «አንዳዝ» ላይ (1949) የሚወዳት ሴት ራሷ ተኩሳ ትገድለዋለች። «ዲዳር» ላይ (1951) በሕይወት ይተርፋል፤ ግን በቀዶ ሕክምና የበራለትን ዓይን በገዛ እጁ መልሶ ያጠፋዋል። ሕንዶች «የትራጄዲ ንጉሥ» የሚል ስም አወጡለት፤ ለዚህ ሁሉ ሞትም ትኬት እየቆረጡ ተሰለፉ። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ስለ እሱ የሚጻፈው አብዛኛው ነገር ሐዘኑ ላይ ያተኩራል። እኔ ድምፁ ላይ መቆየት እፈልጋለሁ። በኔ ግምት የዚህ ሰው ከሃምሳ ዓመት በላይ የዘለቀ ሥራ ከአንድ ውሳኔ የመነጨ ነው፦ ማይክሮፎኑ እየሰማ መጮህ ለምን? ሌላው ሁሉ፣ ረጅሙ ዝግጅት፣ የፊልሞቹ ማነስ፣ በመጨረሻም ሕመሙ ጭምር፣ ከዚህ የተከተለ ነው።

ውሳኔው ዛሬ ቀላል ይመስላል። በ1940ዎቹ ግን ቀላል አልነበረም። ሕንድ የመጀመሪያውን ድምፅ ያለው ፊልም ያየችው በ1931 ነው። የዚያ ዘመን ተዋንያን አብዛኞቹ ከመድረክ የመጡ ነበሩ፤ ማጉያ በሌለበት አዳራሽ ከኋላ ወንበር ላለው ሰው መሰማት የለመዱ ናቸው። የመድረክ ተዋናይ ቃሉን ይጎትታል፣ የዓረፍተ ነገሩን መጨረሻ ከፍ ያደርጋል፣ እጁን ከትከሻው በላይ ያነሳል። የፊልም ካሜራ ፊትን አቅርቦ ሲይዝ ይህ ሁሉ ከመጠን በላይ ይሆናል። አንድ ክንድ ርቀት ላይ ያለች ሴት ላይ የሚጮህ አፍቃሪ እብድ ነው የሚመስለው። ይህ በደንብ የገባው የመጀመሪያው የቦምቤይ (የዛሬዋ ሙምባይ) ኮከብ አሾክ ኩማር ነበር። እሱም ከመድረክ አልመጣም፤ የቦምቤይ ቶኪስ ስቱዲዮ የፊልም ላቦራቶሪ ሠራተኛ ነበር፤ በ1936 ድንገት ካሜራ ፊት አቆሙት። ለወጣቱ ዲሊፕ የሰጠው ምክርም አጭር ነበር፦ በዚያ ሁኔታ ውስጥ ብትሆን የምታደርገውን አድርግ፤ ትወናው እሱ ነው።

ዲሊፕ ራሱ ደግሞ ከትወናው ዓለም ጋር ምንም ግንኙነት አልነበረውም። ትክክለኛ ስሙ ሞሐመድ ዩሱፍ ኻን ነው፤ ታኅሣሥ 11 ቀን 1922 ዛሬ ፓኪስታን ውስጥ በምትገኘው በፔሻዋር ከተማ፣ ቂሳ ኻዋኒ በሚባለው ገበያ አካባቢ ተወለደ። አባቱ ላላ ጉላም ሳርዋር ኻን የፍራፍሬ ነጋዴ ነበሩ፤ በኋላ ቤተሰቡን ይዘው ወደ ቦምቤይ አካባቢ ሄዱ። ልጁ ከአባቱ ጋር ተቀያይሞ ወደ ፑኔ ወረደና በእንግሊዝ ጦር ክበብ ሳንድዊች እየሠራ ይሸጥ ጀመር። በ1942 የቦምቤይ ቶኪስ ባለቤት ዴቪካ ራኒ ዘንድ የወሰደው የሚያውቀው ሰው ነው። ሴትዮዋ አይታው በወር 1,250 ሩፒ ደመወዝ ቀጠረችው፤ ለጀማሪ እጅግ ብዙ ገንዘብ ነበር። ስሙንም የቀየረችለት እሷ ናት። አባቱ ትወናን እንደ አዝማሪ ሥራ የሚንቁ ሰው ስለነበሩ የስሙ መቀየር አንድ ጥቅም አስገኘለት፤ ፖስተሩ ላይ ልጃቸው መሆኑን ቶሎ አላወቁም።

ቦምቤይ ቶኪስ ወዲያው ካሜራ ፊት አላቆመውም። ሥራው ጠዋት መጥቶ እስከ ማታ ሌሎች ሲሠሩ መመልከት ነበር። የመጀመሪያ ፊልሙ «ጅዋር ባታ» በ1944 ወጣና ወደቀ፤ ተቺዎችም አልማሩትም። ሁለተኛውም አልተሳካም። መስመሩን ያገኘው በ1946፣ «ሚላን» የሚባለውን ፊልም ከዳይሬክተር ኒቲን ቦዝ ጋር ሲሠራ ነው። ቦዝ ከካልካታ የመጣ፣ ካሜራ ከማንሳት ጀምሮ ያደገ ሰው ነው። ለተዋናዩ ያስተማረው ጽሑፉ ላይ የሌለውን ሐሳብ መሥራት ነው፤ ገጸ ባህርዩ በዚያ ቅጽበት ለራሱ የሚለውን፣ ግን ጮክ ብሎ የማይናገረውን። ከ«ሚላን» በኋላ ያሉትን ፊልሞች ልብ ብላችሁ ብታዩ ዲሊፕ መልስ ከመስጠቱ በፊት ዝም የሚልባቸው ቦታዎች አሉ። ዝምታው ባዶ አይደለም፤ ዓይኑ ይሠራል። በሚቀጥለው ዓመት «ጁግኑ» ሲወጣ ኮከብ ሆነ። ማርሎን ብራንዶ በፊልም የታየው በ1950 መሆኑን ለሚያስታውስ፣ «የሕንዱ ብራንዶ» የሚለው ቅጽል በጊዜ ቅደም ተከተል የተገለበጠ ነው።

ታዲያ ዝቅ ያለ ትወና አንድ ችግር አለው። ተመልካቹ ትንሿን ነገር ሁሉ ስለሚያይ፣ ትንሿ ነገር ውሸት ከሆነች ሁሉም ይፈርሳል። የሚጮህ ተዋናይ ብዙ ጉድለት በጩኸቱ ይሸፍናል፤ ዲሊፕ መሸፈኛ አልነበረውም። ስለዚህ መዘጋጀት ነበረበት።

ለምሳሌ «ዲዳር» ላይ ዓይነ ስውር ዘፋኝ ነው። የዚያ ዘመን ተዋናይ ዓይነ ስውር ሲሆን ወይ ዓይኑን ይጨፍናል፣ ወይ ነጩ እስኪታይ ወደ ላይ ይገለብጠዋል፣ ወይም እጁን ዘርግቶ አየር ይዳብሳል። ዲሊፕ ግን ቦምቤይ ውስጥ የሚለምን አንድ ዓይነ ስውር ሰው ዘንድ ቀን በቀን እየሄደ ተመለከተ። ከፊልሙ ላይ የሚታየው ውጤት ይህ ነው፦ ዓይኑ ክፍት ነው፣ ግን አንድ ቦታ ላይ አያርፍም፤ ሰው ሲጠራው ፊቱን ሳይሆን መጀመሪያ ጆሮውን ያዞራል፤ የሚያናግረው ሰው ቦታ ሲቀይር የእሱ ፊት ትንሽ ዘግይቶ ይከተላል። ይህቺ መዘግየት ናት ሥራውን የምትሠራው። የሚያይ ሰው ዓይነ ስውር ሲሆን ሁልጊዜ የሚጋለጠው እንቅስቃሴን ቀድሞ በመከተሉ ነው።

«ኮሂኑር» (1960) ደግሞ ሌላ ዓይነት ፈተና ነበር። ራጋ ሐሚር በተባለው የሕንድ ቅኝት የተሠራውን «ማዱባን ሜን ራዲካ ናቼ ሬ» የተባለውን ዘፈን እየዘፈነ ሲታር (የሕንድ የክር መሣሪያ) የሚመታበት ትዕይንት አለ። ዘፈኑን የዘፈነው ሞሐመድ ራፊ ነው፤ ዜማው የናውሻድ ነው፤ የሲታሩ ድምፅ የኡስታድ (የሙዚቃ ሊቅ ማለት ነው) አብዱል ሐሊም ጃፈር ኻን ነው። ቀላሉ መንገድ እጁን ሳያሳዩ ፊቱን ብቻ መቅረጽ፣ ከዚያ የባለሙያውን ጣቶች ለብቻ አቅርቦ ማስገባት ነበር። ዲሊፕ ይህን አልፈለገም፤ ከዚያው ከኡስታዱ ዘንድ ወራት ወስዶ ሲታር ተማረ። ሲታር የሚያስመስልን ሰው ማጋለጥ ቀላል ነው። ድምፁ ወደ ላይ ሲወጣ የግራ እጅ በአንገቱ ላይ ወደ ታች፣ ወደ ቅሉ መውረድ አለበት፤ የሚያስመስል ሰው ግን ድምፁ ከፍ ሲል እጁንም ከፍ ያደርጋል። ደግሞ ክሩ ዝም ብሎ አይነካም፤ ድምፁ እንዲለጠጥ ወደ ጎን ይጎተታል፤ ጎትቶ የማያውቅ ጣት ይቆስላል። የቀኝ እጅ ጠቋሚ ጣት ላይ የምትደረገው የሽቦ መምቻም አቅጣጫ አላት። ትዕይንቱን ድምፁን ዘግታችሁ ብታዩት እንኳ ጣቶቹ ከዜማው ጋር መሆናቸው ይታወቃል።

እዚህ ላይ ስለ ዘፈን ትንሽ ልቆይ፤ የሕንድ አክተር ግማሽ ሥራው እሱ ነውና። ዘፈኑ ከቀረጻው ቀድሞ በስቱዲዮ፣ በሌላ ሰው ድምፅ፣ ከሙሉ ኦርኬስትራ ጋር ይቀዳል። በቀረጻው ቀን በቁራጭ በቁራጭ በድምፅ ማጉያ ይለቀቃል፤ ተዋናዩ ከንፈሩን ያንቀሳቅሳል፤ አንድ ዘፈን ቀናት ሊወስድ ይችላል። የሚበላሸው በሁለት በኩል ነው። አንዱ የማሽኑ ነው፤ ማጫወቻው ከካሜራው ፍጥነት ትንሽ ከተዛነፈ የመጀመሪያው ቃል ገጥሞ የመጨረሻው ይቀድማል ወይም ይዘገያል። ሌላው የተዋናዩ ነው። ድምፅ ሳያወጣ አፉን ብቻ የሚከፍት ሰው ጉሮሮው አይንቀሳቀስም፣ የአንገቱ ሥር አይነሳም፣ ደረቱ አይሞላም፤ ከርቀት ያልፋል፣ ቀረብ ሲል ያስቃል። መድኃኒቱ ከማጉያው ጋር አብሮ በእውነት መዝፈን ነው፤ በቦታው የሚወጣው ድምፅ ለፊልሙ ስለማይውል ቢበላሽም ግድ የለም። ግን ድምፃዊው ትንፋሽ የወሰደበትን ቦታ አንድ በአንድ በቃል መያዝ ያስፈልጋል። ዲሊፕ ላይ ይህ የበለጠ ከባድ የነበረው ድምፁ በየፊልሙ ስለሚለዋወጥ ነው። «አንዳዝ» ላይ የዘፈነለት ሙኬሽ ነው፤ አብሮት የተወነው የራጅ ካፑር ድምፅ ደግሞ ራፊ ነበር። በኋላ ነገሩ ተገለበጠና ሙኬሽ የራጅ፣ ራፊ የዲሊፕ ድምፅ ሆኑ። «ዳግ» ላይ (1952) የሚንቀጠቀጠው የታላት ማህሙድ ድምፅ መጣ፤ ለኔ ከሁሉም ለዲሊፕ የንግግር ድምፅ የሚቀርበው እሱ ነው። በዚህ ፊልም ነው ፊልምፌር የተባለውን የሕንድ ፊልም ሽልማት በምርጥ ተዋናይነት ለመጀመሪያ ጊዜ ያገኘው፤ በጠቅላላው 8 ጊዜ ወስዶታል። አንድ ጊዜ ደግሞ «ሙሳፊር» (1957) ላይ ከዘፋኟ ላታ ማንጌሽካር ጋር ራሱ ዘፍኗል። መስማት ይቻላል፤ ዘፋኝ አይደለም፣ ግን አያሳፍርም።

ይህን ዓይነት ዝግጅት ይዞ በዓመት አሥር ፊልም መሥራት አይቻልም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች ሲወድቁ ተዋንያን ከወር ደመወዝ ወጥተው በየፊልሙ መዋዋል ጀመሩ። ተፈላጊ ኮከብ በአንድ ጊዜ ብዙ ውል ይፈርምና ጠዋት አንድ ስቱዲዮ፣ ከሰዓት ሌላ ስቱዲዮ ይውላል። ጠዋት ፖሊስ፣ ማታ ሌባ። ዲሊፕ ፊልሞቹን ጥቂት አድርጎ ዋጋውን ከፍ አደረገ፤ ሙሉውን ጽሑፍ ሳያነብ አይገባም ነበር። ከ1944 እስከ 1998 የሠራቸው ፊልሞች ወደ ስድሳ ገደማ ቢሆኑ ነው። በሌላው በኩል ይህ አካሄድ ዳይሬክተሮችን ያስመርር ነበር፤ ጽሑፍ ያስቀይራል፣ ትዕይንት ያስደግማል፣ ቀረጻ ያዘገያል። ጥቂት ፊልም የሚሠራ ሰው አንዱ ሲወድቅበት ሁለት ዓመት ይወድቅበታል፤ ይህም በኋላ ደርሶበታል።

የከፋው ግን ጤናው ነው። በትዕይንቱ ውስጥ የሚሰማውን ሐዘን በእውነት ለመሰማት የሚሞክር ሰው በተከታታይ ፊልሞች ሲሞት ቀረጻው ሲያልቅ ነገሩ ቤት ድረስ ይከተለዋል። እንቅልፍ አጣ፣ ተጨነቀ። ለንደን ሄዶ የአእምሮ ሐኪም አማከረ፤ ምክሩ ከሐዘን ወጥቶ ቀለል ያሉ ፊልሞችን እንዲሠራ ነበር። በ1955 የወጣው «አዛድ» የዚህ ፍሬ ነው፤ የሚሮጥ፣ የሚቀልድ፣ ልብስና ጢም እየቀያየረ የሚያታልል ሽፍታ። በዚያው ዓመት ግን የቢማል ሮይ «ዴቭዳስ»ም ወጣ፤ ባቡር ለባቡር እየተንከራተተ በመጠጥ ራሱን የሚገድለው ሰው። ዴቭዳስን ሲሠራ የሚደንቀኝ ሰካራምነቱን አለማጋነኑ ነው። ሰካራም የሚጫወት ተዋናይ ብዙውን ጊዜ ለመንገዳገድ ይጥራል፤ እውነተኛ ሰካራም ግን ላለመንገዳገድ ነው የሚጥረው። ዲሊፕ ቀጥ ብሎ ለመሄድ ይጠነቀቃል፤ ጥንቃቄው ያጋልጠዋል። ከዚህ በኋላ ጉሩ ዱት «ፒያሳ» የተባለውን ፊልሙን ይዞ ሲመጣበት እምቢ አለ፤ ጉሩ ዱት ራሱ ተጫወተው፤ ፊልሙም ከሕንድ ሲኒማ ታላላቆች አንዱ ሆነ። ብዙዎች ይህን እንደ ትልቅ ስሕተት ይቆጥሩበታል። እኔ አልስማማም። የ«ፒያሳ» ገጣሚ ዴቭዳስ የሞተበት መንገድ ላይ ነው የሚሄደው፤ ዲሊፕ ቢጫወተው ኖሮ ተመልካቹ ያንኑ ሰው ነበር የሚያየው፣ ሐኪሙም የከለከለው ይህንኑ ነበር።

«ናያ ዳውር» (1957) በጋሪና በአውቶቡስ መካከል የሚደረግ ውድድር ነው፤ ዲሊፕ ባለ ጋሪ ነው፣ ፊልሙም በደንብ ገንዘብ አስገባ። ከፊልሙ ይበልጥ የሚወራለት ክርክሩ ነው። መጀመሪያ ዋናዋ ተዋናይት ማዱባላ ነበረች፤ አባቷ ከከተማ ውጭ ለሚደረገው ቀረጻ እንድትሄድ ስላልፈቀዱ ዳይሬክተሩ ቢ. አር. ቾፕራ በቫይጃየንቲማላ ተካት፤ ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ ዲሊፕም ለዳይሬክተሩ መሰከረ። እሱና ማዱባላ የሚዋደዱ ሰዎች ነበሩ። ፍቅሩ አለቀ፤ አብረው የጀመሩት «ሙጋል ኤ አዛም» ግን ገና አላለቀም ነበር።

«ሙጋል ኤ አዛም» ላይ ብዙ የተጻፈው ስለ ወጪው ነው፤ እኔም ዝም ብዬ አላልፍም። ዳይሬክተሩ ኬ. አሲፍ ሐሳቡን የጀመረው በ1944 ነው፤ ያኔ ዲሊፕን ለዋናው ገጸ ባህርይ፣ ለልዑል ሳሊም፣ አይሆንም ብሎ መልሶት ነበር። ሕንድና ፓኪስታን ሲከፈሉ ገንዘብ ያወጣ የነበረው ሰው ወደ ፓኪስታን ሄደ፤ ንጉሡን የሚጫወተውም ሞተ። ሥራው በ1950ዎቹ እንደ አዲስ ተጀምሮ ፊልሙ የተመረቀው ነሐሴ 5 ቀን 1960 ነው። ወጪው እስከ 15 ሚሊዮን ሩፒ ይገመታል። የመስታወቱ አዳራሽ ብቻ ተሠርቶ ለማለቅ ሁለት ዓመት ፈጀ፤ መስታወቱ ከቤልጅየም የመጣ ነው፤ መብራት ሲበራ በየቦታው እያንጸባረቀ ካሜራው ውስጥ ስለሚገባ ቀራጩ አር. ዲ. ማቱር ብርሃኑን በቀጥታ መልቀቅ ትቶ ከሌላ ነገር ላይ እያነጠረ ማለስለስ ነበረበት። ከበስተጀርባ ለሚሰማው የቤተ መንግሥቱ ዘፋኝ የታንሴን ዘፈን ኡስታድ ባዴ ጉላም አሊ ኻን አንድ ዘፈን በ25,000 ሩፒ ተዋዋሉ፤ በዚያን ጊዜ ራፊና ላታ ለአንድ ዘፈን በመቶዎች የሚቆጠር ሩፒ ነበር የሚያገኙት። ኡስታዱ ያን ዋጋ የጠሩት አሲፍ እንዲተዋቸው ነበር ይባላል፤ አሲፍ ግን እሺ አለ።

ለኔ የፊልሙ ልብ አባትና ልጅ ፊት ለፊት የሚቆሙባቸው ትዕይንቶች ናቸው። ንጉሥ አክባርን የሚጫወተው የራጅ ካፑር አባት፣ ፕሪትቪራጅ ካፑር ነው፤ የራሱ የቲያትር ቡድን የነበረው የመድረክ ሰው። ድምፁ ከሆዱ ይወጣል፣ ቃሉን እንደ ከበሮ ይመታል፣ ትዕይንቱን ይሞላዋል። ከእሱ ጋር በድምፅ የሚፎካከር ተዋናይ መሸነፉ አይቀርም። ዲሊፕ ወረደ። አባቱ በጮኸ ቁጥር እሱ ቃሉን ያቀጥናል፣ ዓይኑን ከንጉሡ ላይ አያነሳም፣ መልሱን ያዘገያል። ሁለት የትወና ዘመናት በአንድ ፍሬም ውስጥ ናቸው፣ አንዱም ትክክል አንዱም ስሕተት አይደለም፤ ንጉሥ እንደ መድረክ መናገሩ ያምርበታል፣ ልዑሉም እንደ ፊልም ዝም ማለቱ። ሌላው ትዕይንት ሳሊም የሚወዳትን ጨፋሪ የአናርካሊን (ማዱባላ ናት) ፊት በነጭ ላባ የሚዳስስበት ነው። መሳሳም የለም፣ መተቃቀፍ የለም፤ ላባና ፊት ብቻ፣ ከኋላ የኡስታዱ ድምፅ። ይህ ሲቀረጽ ዲሊፕና ማዱባላ ከካሜራ ውጭ አይነጋገሩም ነበር።

በ1961 የራሱን ገንዘብ አውጥቶ «ጋንጋ ጃምና»ን ሠራ፤ ሁለት ወንድማማቾች፣ አንዱ ሽፍታ ሌላው ፖሊስ። ዳይሬክተር ተብሎ የተመዘገበው የጥንት አስተማሪው ኒቲን ቦዝ ነው። ዲሊፕ እዚህ ላይ ያደረገው ደፋር ነገር ዋናው ሰው የከተማ ሂንዲ ወይም ያማረ ኡርዱ እንዳይናገር ነው፤ የሰሜን ሕንድ ገበሬ የሚናገረውን የአዋዲ ቀበልኛ ተምሮ ሙሉውን በእሱ ተወነው። አከፋፋዮች ሕዝብ አይገባውም ብለው ፈርተው ነበር፤ ሕዝቡ ግን ወደደው። ሳንሱር ቦርዱ ብዙ ቦታ እንዲቆረጥ አዝዞ ፊልሙን ለወራት ያዘው፤ ጉዳዩ የተፈታው ዲሊፕ ጠቅላይ ሚኒስትር ኔህሩ ዘንድ ደርሶ ከተነጋገረ በኋላ ነው። ስለ መጨረሻው የሞት ትዕይንት የሚነገር ነገር አለ፦ ቆስሎ ሮጦ ቤት የሚገባ ሰው ስለሆነ፣ ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት ትንፋሹ እስኪያልቅ በስቱዲዮው ዙሪያ ሮጠ፤ ከዚያ «አሁን» አለ። ዘዴው ሌላም ትርፍ አለው። የተቆራረጠ ትንፋሽ የሚያስመስል ሰው ቃሉን በእኩል ርቀት ይቆራርጣል፤ በእውነት የደከመ ሰው ግን የት እንደሚቋረጥበት አያውቅም። ይህን ሁሉ ካለፈ በኋላ ሁለተኛ ፊልም ፕሮዲውስ አላደረገም።

«ራም አውር ሺያም» (1967) የተሳካለት የመጨረሻው የወጣትነት ሥራው ሊባል ይችላል። ከቴሉጉ ፊልም የተወሰደ ነው፤ ተለያይተው ያደጉ መንትዮች፣ አንዱ ፈሪ አንዱ ደፋር፣ ሁለቱም ዲሊፕ። ኮምፒውተር በሌለበት ዘመን ይህ እንዴት ይሠራ ነበር? ካሜራው እንዳይነቃነቅ ይታሰራል፤ የሌንሱ ግማሽ በጥቁር መሸፈኛ ይዘጋል፤ ተዋናዩ ክፍት በሆነው በኩል ቆሞ ለባዶ አየር ይናገራል፣ ለሌላው መልስ የሚሆን ዝምታም ይተዋል። ከዚያ ፊልሙ በካሜራው ውስጥ ወደ ኋላ ይጠቀለላል፣ መሸፈኛው ወደ ሌላው ጎን ይዞራል፣ ተዋናዩ ልብስ ቀይሮ መጥቶ ለዚያ ዝምታ ይመልሳል። ካሜራው በፀጉር ስፋት ቢነቃነቅ መሐል ላይ መስመር ይታያል። በሁለቱ ቀረጻ መካከል ብርሃኑ ቢለወጥ ግማሹ ክፍል ይጨልማል። እጁ ከመሐሉ መስመር ካለፈ ይቆረጣል። የዓይኑ ከፍታ ካልገጠመ ሁለቱ ወንድማማቾች አንዱ የሌላውን ግንባር ወይም ደረት ሲያዩ ይቆያሉ። ብልሃቱ ይህ ነው፤ የዲሊፕ ድርሻ ደግሞ ሁለቱን በልብስ ሳይሆን በአተነፋፈስ መለየቱ ነው። ፈሪው ትከሻው ወደ ጆሮው የቀረበ ነው፣ ዓረፍተ ነገሩን አይጨርስም።

ቀጣዮቹ አሥር ዓመታት ደካማ ናቸው፤ ሦስት ሰው የሆነበት «ባይራግ» በ1976 ሲወድቅ አምስት ዓመት ከፊልም ጠፋ። ዕድሜው ነው፣ ዘመኑ ነው ይላሉ፤ ሁለቱም እውነት ነው። እኔ አንድ ሦስተኛ ምክንያት እጨምራለሁ። ከ1960ዎቹ ጀምሮ ቦምቤይ ቀለል ያሉ፣ ግን ሲሠሩ የሚጮኹ ካሜራዎችን ተቀበለች፤ በቀረጻው ቦታ የተቀዳ ድምፅ ስለማይጠቅም ንግግሩ ሁሉ በኋላ በጨለማ ክፍል ውስጥ እንደገና ይቀዳ ጀመር። ለሚጮህ ተዋናይ ምንም አይደለም። ሹክሹክታንና የትንፋሽ መቆራረጥን ከወራት በኋላ ቆሞ መድገም ግን ሌላ ነገር ነው፤ የዲሊፕ ትወና ደግሞ እዚያ ውስጥ ነበር።

የተመለሰው በ1981፣ «ክራንቲ» ላይ ነው፤ ሽማግሌ ሆኖ። የሚቀጥለው ዓመት «ሻክቲ» ከአሚታብ ባቻን ጋር አገናኘው። እኛ ዘንድ የህንድ ፊልም ሲነሳ ቀድሞ የሚታወሰው አሚታብ ነው፤ ያ ቁጡ ወጣት፣ ቃሉን ዝቅ አድርጎ የሚያስፈራራው ሰው፣ ከማን እንደተማረ ለማየት ይህን ፊልም ማየት ይበቃል። ዲሊፕ የፖሊስ አዛዥ ነው፤ ሽፍቶች ልጁን አግተው ስልክ ሲደውሉለት ሕግ አልጥስም ይላል፤ ልጁም ይሰማዋል። ሁለቱም ለፊልምፌር ታጩ፤ ዲሊፕ 8ኛውን ወሰደ። በ1984 «ማሻል» ላይ ደግሞ ያልተጠበቀ ነገር አደረገ። ሚስቱ በሌሊት መንገድ ላይ በሕመም ስትወድቅ የሚያልፈውን መኪና ሁሉ ለማስቆም ይሞክራል፤ የሚቆም የለም። አርባ ዓመት ሙሉ ድምፁን የቆጠበ ሰው እዚያ ይጮኻል፣ ድምፁ እስኪሰነጠቅ። ፊልሙ በገበያ አልተሳካም፤ ትዕይንቱ ግን ለብቻው ይታያል።

ሃይማኖቱና ስሙ ፖለቲካ ሆነው የቀሩበት ጊዜም አለ። እስላም ሆኖ በሂንዱ ስም ታዋቂ የሆነው በ1947ቱ መከፋፈል ዋዜማ ነው። በ1998 ፓኪስታን ኒሻን ኢ ኢምቲያዝ የተባለውን ከፍተኛ የሲቪል ሽልማት ስትሰጠው ቦምቤይ ውስጥ መልስ የሚሉ ተነሱበት፤ አልመለሰም። ሕንድ በ1994 ከፍተኛውን የፊልም ሽልማቷን፣ የዳዳሳሄብ ፋልኬን ሽልማት ሰጥታው ነበር፤ ከ2000 እስከ 2006 የላይኛው ምክር ቤት አባልም ነበር። በ1966 ያገባት ተዋናይት ሳይራ ባኑ ሐምሌ 7 ቀን 2021 በ98 ዓመቱ ሙምባይ ውስጥ እስኪያርፍ ድረስ አብራው ነበረች።

ማየት ለሚፈልግ፣ ከ«ዴቭዳስ» አትጀምሩ፤ ቀስ ያለ ነው፣ ያልለመደ ሰው ይተኛል። ከ«ራም አውር ሺያም» ወይም ከ«አዛድ» ጀምሩ፣ ከዚያ «ጋንጋ ጃምና»፣ ከዚያ «አንዳዝ»። «ሙጋል ኤ አዛም» በ2004 በኮምፒውተር ሙሉ በሙሉ ቀለም ተቀብቶ እንደገና ወጥቷል፤ «ናያ ዳውር»ም እንዲሁ በ2007። ቀለም የተቀባው የፊቶቹን ጥላ ስለሚያጠፋ ከተገኘ ጥቁርና ነጩን ምረጡ፤ የመጀመሪያው ቅጂ ላይ በቀለም የተቀረጸው የመስታወቱ አዳራሽ ዘፈንና የመጨረሻው ክፍል ብቻ ነው፤ ከጥቁርና ነጭ በኋላ ድንገት ሲመጣ ነው ውጤት ያለው። የትርጉም ጽሑፉ ከኡርዱው ግጥም ግማሹን እንደሚጥል እያወቃችሁ አንብቡት፤ ንጉሡና ልዑሉ የሚጋጩበት ላይ ስትደርሱ ግን ጽሑፉን አጥፉና አንዴ በጆሮ ብቻ ተከታተሉት።